በአጋጣሚ የተገኘ ድል የማን ነው?

በዚህ መጽሔት ገጾች ላይ ስለ ስልክ ጨዋታ መጻፍ ለአንዳንዶቻችሁ ቀላል ነገር መስሎ ሊታያችሁ ይችላል። ጨዋታውም ወፍ እየወነጨፉ የአሳማ ቤት የሚያፈርሱበት መሆኑን ስትረዱ «አባ ሌላ ሥራ አጡን?» ብትሉ አልፈርድባችሁም። ይሁን እንጂ በዘርአ ክህነት ሳለን እንደ ተማርነው፣ ቅዱስ ቶማስ አኲናስ «ሱማ ቴዎሎጂካ» በተባለው ታላቅ ድርሳኑ ውስጥ በጨዋታ ረገድ ምግባረ ሠናይ ሊኖር ይችላልን ብሎ ጠይቆ፣ አዎን ይችላል ሲል መልሷል፤ ከዚህም አልፎ ራሱ የማይጫወትና የሌላውንም ጨዋታ የሚያደፈርስ ሰው ከጥፋት ነፃ አለመሆኑን ጽፏል። እኔ ዛሬ የማነሣው ጥያቄ ግን ስለ ጨዋታ ተገቢነት አይደለም። አንድ ሰው ብዙ ጊዜ ያቃተው ነገር ድንገት ሲሳካለት፣ ያ መሳካት በእውነት የእርሱ ነው ሊባል የሚችለው መቼ ነው? ይህንንም ጥያቄ ከመጽሐፍ አላገኘሁትም፤ አንድን ልጅ በከንቱ ካሳዘንሁ በኋላ የመጣብኝ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባለፈው ክረምት የእኅቴ ልጅ ኳስ ሲጫወት ወድቆ እግሩ ተሰበረና በጀሶ ታስሮ ለሰባት ሳምንታት ያህል ከቤት ሳይወጣ ቆየ። የ13 ዓመት ልጅ ጓደኞቹ በዝናብና በጭቃ ውስጥ ሲሯሯጡ ድምፃቸውን እየሰማ ሰባት ሳምንት በአልጋ ላይ መቀመጥ ምን ማለት እንደ ሆነ፣ የልጆች ወላጆች የሆናችሁ ትረዱታላችሁ። መጽሐፍ አመጣሁለት፤ በሦስት ቀን ጨረሰው። ከዚያ ወዲህ ያጽናናው አንድ ዘመድ የተወለት አሮጌ ስልክ ነበር። በስልኩም ውስጥ «አንግሪ በርድስ»፣ ማለትም «የተቆጡ ወፎች» የሚባለው ጨዋታ ነበረበት።

ለማታውቁት በአጭሩ ልግለጽ። ይህን ጨዋታ ሮቪዮ የተባለው የፊንላንድ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2009 ለአይፎን ስልክ አወጣው፤ በሜይ 2012 ደግሞ የዚሁ ጨዋታ ልዩ ልዩ እትሞች አንድ ቢሊዮን ጊዜ በየስልኩ እንደ ተጫኑ ኩባንያው አስታወቀ። ታሪኩ ቀላል ነው። አረንጓዴ አሳማዎች የወፎችን እንቁላል ሰርቀው በእንጨት፣ በመስታወትና በድንጋይ በተሠሩ ቤቶች ውስጥ ይሸሸጋሉ፤ ወፎቹም በቁጣ ራሳቸውን በባላ ወንጭፍ እያስወነጨፉ ቤቱን በላያቸው ላይ ያፈርሱባቸዋል። በአገራችን ማሽላ የሚጠብቅ ልጅ ማማ ላይ ቆሞ ወፍን በወንጭፍ ያባርራል፤ እዚህ ግን ወፉ ራሱ የወንጭፍ ድንጋይ ሆኖ ተገኘ። ገበሬው አባቴ ቢያየው ኖሮ ምንኛ በሣቀ! ተጫዋቹ ጣቱን በስልኩ መስታወት ላይ አድርጎ ላስቲኩን ወደ ኋላ ይስባል፣ ያነጣጥራል፣ ይለቃል። ለእያንዳንዱ ደረጃ የሚሰጡት ወፎች ቁጥር የተወሰነ ነው፤ ወፎቹ አልቀው አንድ አሳማ እንኳ ከተረፈ ደረጃው አልታለፈምና እንደ ገና መጀመር ግድ ይሆናል።

ልጁ የተያዘበት ደረጃ በኮረብታ ላይ የቆመ የድንጋይ ግንብ ያለበት ነበር። የመጨረሻው አሳማ ከግንቡ በስተ ኋላ ባለች ጠባብ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ፣ ፊት ለፊት የሚመጣበትን ሁሉ ድንጋዩ ይመልስለታል። ልጁ አራት ቀን ሞከረ። እኔም ልጠይቀው በሄድሁ ቁጥር «አባ፣ እስቲ እርስዎ ይሞክሩት» እያለ ስልኩን ይሰጠኝ ነበርና፣ መጀመሪያ ለእርሱ ብዬ፣ ኋላ ግን፣ አልዋሽም፣ ለራሴ ስል እሞክር ጀመር። አንድ ምሽት አቦሉ እስኪቀርብ ብዬ የያዝሁትን ስልክ በረካው ተጠጥቶ እስኪያልቅ ድረስ ሳልለቅ በመቅረቴ እኅቴ ታዝባኛለች።

በዚያው ምሽት፣ ምናልባት በሃምሳኛው ሙከራዬ ላይ፣ ላስቲኩን ስቤ ሳነጣጥር አውራ ጣቴ አዳለጠኝ። ወፉ ካሰብሁት አቅጣጫ ርቆ ሽቅብ ወጣ፤ ከስልኩ መስታወት አልፎ ከዓይናችን ተሰወረ። «ጠፋ» ብዬ ስልኩን ልመልስለት ስል፣ ወፉ ከላይ ቁልቁል ወርዶ በጠባቧ ክፍል ጣሪያ ላይ ወደቀና አሳማውን አጠፋው። ልጁ ጮኸ፤ እኅቴ ከጓዳ ሮጣ መጣች። ልጁም በአድናቆት እያየኝ «አባ፣ እንዴት አደረጉት?» ብሎ ጠየቀኝ።

መልሱ በአፌ ላይ ነበር። «ጣቴ አዳልጦኝ ነው» ማለት ይበቃ ነበር። እኔ ግን ስልኩን በክብር መለስሁለትና «ትዕግሥት ነው፣ ልጄ፤ ትዕግሥት ያለው ሰው የማያልፈው ደረጃ የለም» አልሁት። ንግግሩ ከአፌ ሲወጣ ያማረ ነበር፤ ለስብከትም ይሆን ነበር።

ከሁለት ቀን በኋላ እኅቴ ደወለችልኝ። ልጁ ያን ደረጃ ቀኑን ሙሉ ሲሞክር ውሎ፣ ሲያቅተው ስልኩን ወርውሮ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ መተኛቱን ነገረችኝ። ምን ሆንህ ብትለው «አባ ያለፉት ትዕግሥት ስላላቸው ነው። እኔ ትዕግሥት የለኝም፤ ሒሳብም የሚያቅተኝ ለዚሁ ነው» አላት። እኅቴ ነገሩን እንደ ልጅ ቀልድ ቆጥራ እየሣቀች ነበር የነገረችኝ። እኔ ግን መሣቅ አልቻልሁም።

ዋሽቼ ነበርን? በእርግጥ ታግሼ ነበር፤ ስለዚህ ታግሻለሁ ብል ኖሮ ቃሌ እውነት በሆነ። ያልሁት ግን ታግሻለሁ አይደለም፤ የተሳካልኝ በትዕግሥቴ ምክንያት ነው ማለቴ ነበር፤ ሐሰቱም ያለው በዚያች በምክንያቷ ላይ ነው። ሰው ስለ ራሱ ሲናገር እንዲህ ያለውን ሐሰት በቀላሉ አያገኘውም፤ እያንዳንዱ ቃል ለየብቻው ሲመረመር እውነት ሆኖ ይገኛልና።

አሪስቶትል ለኒቆማኮስ በተሰየመው የሥነ ምግባር መጽሐፉ በሁለተኛው ክፍል ውስጥ ለዚህ ጉዳይ እጅግ የሚስማማ ምሳሌ ይሰጣል። አንድ ሰው በአጋጣሚ ወይም ሌላ ሰው እየመራው በሰዋስው ረገድ ትክክል የሆነ ነገር ሊሠራ ይችላል፤ የሰዋስው ዐዋቂ የሚባለው ግን ያን ነገር በራሱ ውስጥ ካለው ዕውቀት አውጥቶ ሲሠራው ብቻ ነው ይላል። ፈላስፋው ይህን ምሳሌ ያመጣው ስለ ምግባር ሲመረምር ነው፤ አንድ የፍትሕ ሥራ መሥራትና ፍትሐዊ ሰው መሆን አንድ አይደሉምና። ከእናንተ መካከል የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን የሆናችሁ ልዩነቱን በየሳምንቱ ታዩታላችሁ። መልሱን በቃሉ አጥንቶ ያለ ስሕተት የሚያወርድ ልጅ አለ፤ ጥያቄውን ጥቂት ገልብጣችሁ ብትጠይቁት ግን ዝም ብሎ ጣሪያውን ያያል። ከጎኑ የተቀመጠችው ልጅ ደግሞ ቃሉን እያደናቀፋት ትመልሳለች፤ ከወዴትም ብትጠይቋት ግን መንገዱን አትስተውም። ውጤት የምንሰጠው ብዙ ጊዜ ለመጀመሪያው ነው።

እንግዲህ አንድን ደረጃ ለማለፍ ሦስት መንገዶች አሉ ማለት ነው፤ በአጋጣሚ፣ በሌላው ምሪት፣ በራስ ዕውቀት። በስልኩ መስታወት ላይ ሦስቱም አንድ መስለው ይታያሉ፤ አሳማው በሦስቱም ይጠፋል።

በአጋጣሚው ላይ ጥቂት ልቆይ። ይህ ዓይነቱ ጨዋታ በውስጡ የተፈጥሮን ሕግ የሚያሰላ የሒሳብ ክፍል አለው፤ በአንግሪ በርድስ ውስጥ የሚሠራው «ቦክስ ቱዲ» የሚባል ሲሆን፣ የደረሰውም ኤሪን ካቶ የተባለ ባለሙያ ነው። ይህ ክፍል ጊዜን እጅግ ትናንሽ አድርጎ፣ ብዙውን ጊዜ በሰከንድ 60 ቦታ፣ ይቆራርጠዋል። በእያንዳንዱም ቁራጭ ውስጥ የመሬት ስበት ወፉን ምን ያህል እንደሚያወርደው፣ ድንጋዩ ከእንጨቱ ጋር ሲጋጭ እያንዳንዳቸው ወዴት እንደሚገፉ ያሰላል። ዕጣ አይጥልም፤ መነሻው ፈጽሞ አንድ ከሆነ ሒሳቡም አንድ ነው። ታዲያ አጋጣሚው ከየት መጣ? ፈረንሳዊው የሒሳብ ሊቅ አንሪ ፖንካሬ እ.ኤ.አ. በ1908 ስለ ሳይንስ ስልት ባሳተመው መጽሐፉ ያስረዳው ነገር እዚህ ላይ ይጠቅመናል። ከዓይናችን የሚያመልጥ ጥቃቅን ምክንያት ማንም የማይስተው ታላቅ ውጤት ሲያስከትል፣ እኛ ውጤቱን ለአጋጣሚ እንሰጠዋለን። አውራ ጣቴ በመስታወቱ ላይ የተንሸራተተው የአንዲት ምስር ፍሬ ስፋት ያህል ቢሆን ነው፤ ወፉን ግን ከድንጋዩ ግንባር አንሥቶ በጣሪያው ላይ አወረደው። አጋጣሚ ማለት እንግዲህ ምክንያት የሌለው ነገር ማለት አይደለም። ምክንያቱ በእኔ እጅ ያልነበረ ነገር ማለት ነው።

«ሃምሳ ጊዜ መሞከርህስ ትዕግሥት አይደለምን? ባትታገሥ ኖሮ ጣትህ መች ያዳልጥህ ነበር?» የሚል ይኖራል። ተቃውሞው ቀላል ስላልሆነ ሒሳቡን እንሥራው። በጭፍን ከሚወነጨፉ 50 ወፎች መካከል በአማካይ አንዱ ብቻ ይሳካለታል ብለን እናስብ። በዚህ ሁኔታ ምንም ሳያውቅ 50 ጊዜ የሚሞክር ሰው ቢያንስ አንድ ጊዜ የማሸነፍ ዕድሉ ከመቶ 64 ያህል ነው። ስለዚህ ታጋሽ ሰው አንዳች ሳይማር ማሸነፉ ከቶ የሚያስደንቅ አይደለም። ሌላውን ወገን ግን እንመልከት። አንድ መቶ ሰዎች ሁሉም እኩል ታግሠው፣ ሁሉም 50 ጊዜ ቢወነጭፉ፣ 36ቱ ያህል ባዶ እጃቸውን ይቀራሉ። የእነዚህ ትዕግሥት ከ64ቱ ትዕግሥት በምንም አያንስም። ከ64ቱ አንዱ ብድግ ብሎ «ትዕግሥት ነው» ሲል ስለ ራሱ ብቻ የተናገረ ይመስለዋል፤ ሳያውቀው ግን በ36ቱ ላይ ፈርዶባቸዋል።

በእኅቴ ልጅ ላይ ያደረግሁት ይህንኑ ነው። ለእኔ ዕድል የምግባር ስም ባወጣሁለት ሰዓት፣ ለእርሱ ዕድል ማጣት የጉድለት ስም አወጣሁለት። ልጁም ብልህ ነውና ያላልሁትን ሁለተኛውን ግማሽ ራሱ ሞልቶ እስከ ሒሳብ ትምህርቱ ድረስ ወሰደው።

የሮቪዮ ታሪክ ራሱ በዚህ መልክ ሲተረክ እንሰማለን። ኩባንያው ከአንግሪ በርድስ በፊት 51 ጨዋታዎችን ሠርቶ ለመዘጋት ተቃርቦ ሳለ 52ኛው ዓለምን አዳረሰ፤ ከዚያም ተስፋ ያልቆረጠ ያሸንፋል የሚል ትምህርት ይወጣበታል። ታሪኩ እውነት ነው፤ ትምህርቱ ግን ግማሽ ነው። 51 ጨዋታ ሠርተው 52ኛውም ያልሆነላቸው ሰዎች በየጉባኤው ተጋብዘው አይናገሩምና፣ ስለ እነርሱ ትዕግሥት የምንሰማው ነገር የለም። በእኛም ዘንድ ይህ አይጠፋም። የዲቪ ዕጣ ደርሶት አሜሪካ የገባ ሰው በመጀመሪያው ዓመት «ዕድል ነው» ይላል። ዓመታት አልፈው፣ ሥራ ይዞ ቤት ከገዛ በኋላ ግን፣ አገር ቤት የቀረው ወንድሙ ችግሩን በስልክ ሲያጫውተው «ስለማትሠራ ነው» ለማለት ይደፍራል። ራሱ ሠርቷል፣ ሌሊቱን ቀን አድርጎ ሠርቷል፤ ይህን የሚክድ የለም። ነገር ግን ሥራውን የጀመረው ዕጣው ወስዶ ካቆመው ስፍራ ላይ ነው።

በተቃራኒው ወገንም ያው ነው። ሁለት የሚኒባስ ሹፌሮች ፍሬናቸው መላላቱን እያወቁ ሳያሠሩት ቢወጡ፣ በአንደኛው መንገድ ላይ ሕፃን ድንገት ቢገባበት፣ በሌላው ግን ማንም ባይገባበት፣ አንዱ ወኅኒ ሲወርድ ሁለተኛው ማታ ቤቱ ገብቶ እራቱን ይበላል። በርናርድ ዊልያምስና ቶማስ ኔግል የተባሉ ፈላስፎች እ.ኤ.አ. በ1976 «የምግባር ዕድል» በሚል ርእስ የተከራከሩት ስለ እንዲህ ያለው ነገር ነው፤ ክርክሩም እስከ ዛሬ እልባት አላገኘም። እኔ እልባት የምሰጠው አይደለሁም። ነገር ግን በሰላም የገባው ሹፌር በማግስቱ ስለ ጓደኛው ግድ የለሽነት ሲያወራ ብሰማው ዝም ብዬ የማልፈው አይመስለኝም።

ይህን ሁሉ ለእኅቴ ባጫወትኋት ጊዜ አንድ ተገቢ ጥያቄ አነሣችብኝ። «ታዲያ ልጁን ሁሉም ነገር ዕድል ነው ልትለው ነው? እንዲህ ካልነው ማን ያጠናል?» አለችኝ። እናት ናትና የምትፈራውን ታውቃለች። መልሴ ግን የደረሰውን ነገር ብቻ ማሳየት ነበር። ትዕግሥት ሁልጊዜ ያሸንፋል ተብሎ የተነገረው ልጅ፣ ታግሦ ሳይሳካለት ሲቀር፣ የጣለው ስልኩን ብቻ አይደለም፤ ትዕግሥቱንም ጭምር ነው። የገባሁለት ቃል ሐሰት ሆኖ ሲያገኘው ከሁለት አንዱን ማመን ነበረበት፤ ወይ አባ ዋሽተዋል፣ ወይ እኔ ጎደሎ ነኝ። ልጅ ደግሞ የሚወደውን ሰው ከመጠርጠር ራሱን መጠርጠር ይቀልለዋል።

ትዕግሥትን ማቃለሌ አይደለም። አርባ ዘጠኝ ጊዜ ስቼ ስልኩን አለመጣሌ የእኔ ነው፤ ለዚያ ቢመሰግኑኝ አላፍርም። ደስታውም ያልተገባ አልነበረም። እኛ ያላወረድነው ዝናብ በሰዓቱ ሲዘንብ ደስ ይለናል፤ የድካማችን ዋጋ ባልሆነው ነገር ሁሉ ደስ አይበለን ብንል ከሕይወት ደስታ የሚተርፈን ጥቂት ነው። ጥፋቱ የመጣው «ደስ አለኝ» ከማለት «ዐወቅሁበት» ወደ ማለት በተሻገርሁ ጊዜ ነው።

እኅቴ በደወለችልኝ ማግስት ወደ ልጁ ሄድሁና እውነቱን ነገርሁት። «ያን ምሽት ያለፍሁት ጣቴ አዳልጦኝ ነው። እንዴት እንደ ሆነ እኔም አላውቅም፤ ያላወቅሁትን ትዕግሥት ነው ብዬ ነገርሁህ» አልሁት። ያዝንብኛል ብዬ ፈርቼ ነበር። እርሱ ግን ትራሱን ተደግፎ ቀና አለና «እኔኮ ለምን ደግመው አያሳዩኝም ብዬ ነበር» አለኝ። ለካ በአንድ ጎኑ ጠርጥሮኝ ኖሯል! ቀጥሎም «ታዲያ ንስሩን እንግዛው?» ሲል ጠየቀኝ።

ይህ ንስር ወደ ሁለተኛው መንገድ ይወስደናል። ሮቪዮ «ኃያሉ ንስር» የሚባል ረዳት በጨዋታው ውስጥ አስገብቶ ነበር። አንድ ጊዜ ከአንድ ዶላር ያነሰ ገንዘብ የከፈለ ሰው፣ ደረጃው ሲያቅተው በወፍ ፋንታ የሰርዲን ጣሳ ይወነጭፋል፤ ንስሩም ሰርዲኑን ሽቶ ከሰማይ ይወርድና ግንቡን ከነአሳማው አፍርሶ ይሄዳል፣ ቀጣዩም ደረጃ ይከፈታል። ከዚህ ሌላ መፍትሔውን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚያሳዩ ቪዲዮዎች በኢንተርኔት ሞልተዋል። በርናርድ ሱትስ የተባለው ፈላስፋ እ.ኤ.አ. በ1978 ባሳተመው መጽሐፉ የጨዋታን ምንነት ሲመረምር፣ ተጫዋች ማለት ወደ ግቡ የሚያደርስ አቋራጭ እያለ፣ ጨዋታው ይኖር ዘንድ አስቸጋሪውን መንገድ ወድዶ የሚቀበል ሰው መሆኑን አሳይቷል። የምንፈልገው የአሳማውን መጥፋት ብቻ ቢሆን ንስሩ ከወፎቹ ሁሉ ይሻላል፤ ስልኩን መዝጋት ደግሞ ከንስሩም ይሻላል።

ቢሆንም ልጁን እርዳታ መቀበል ነውር ነው ብዬ አልገሠጽሁትም። የአገራችን እንቆቅልሽ ለዚህ መልካም ሥርዓት አለው። «እንቆቅልህ» ሲሉት «ምን አውቅልህ» ብሎ የተቀበለ ልጅ መልሱ ሲያቅተው፣ ጠያቂው «አገር ስጠኝ» ይለዋል። ያቃተውም ከሚያውቃቸው አገሮች አንዱን፣ ጎንደርን ወይም ሐረርን ይሰጣል፤ ከዚያ በኋላ መልሱ ይነገረዋል። በልጅነቴ በአንድ ምሽት የኢትዮጵያን እኩሌታ ሰጥቼ የተኛሁበት ጊዜ አለ፤ ታላቅ እኅቴም ንግሥት ሆና አደረች። እኔን የሚያስደንቀኝ፣ መልስን ከሌላው መቀበል በዚህ ጨዋታ የተፈቀደ መሆኑ፣ ነገር ግን በግልጽና በዋጋ የተፈቀደ መሆኑ ነው። አገር የሰጠ ልጅ በማግስቱ ያንኑ እንቆቅልሽ ለሌሎች ቢያቀርብ፣ ከማን እንደ ተማረው ሁሉም ያውቃል። ኃያሉ ንስርም በዚህ ረገድ ሐቀኛ ነው፤ ደረጃውን ያሳልፋል እንጂ ወፎቹን በሚገባ ለተጠቀመ የሚሰጡትን ኮከቦች አይሰጥም።

የረዳንን ሰው ስም ሳንጠራ ማለፋችን ግን ብዙ ጊዜ በክፋት ሳይሆን በመርሳት ነው። ቀደም ብዬ የጠቀስሁት ኤሪን ካቶ የሒሳብ ክፍሉን ማንም በነፃ እንዲሠራበት ለቅቆታል፤ ፈቃዱም በዚያን ጊዜ የደራሲውን ስም መጥቀስን አያስገድድም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2011 በሳንፍራንሲስኮ በተደረገው የጨዋታ ሠሪዎች ጉባኤ ላይ የሮቪዮው ፒተር ቬስተርባካ ከተሰብሳቢው ጥያቄ ሲቀበል፣ ካቶ ተነሥቶ አንግሪ በርድስ የሚሠራው በየትኛው የሒሳብ ክፍል እንደ ሆነ ጠየቀው። ቦክስ ቱዲ ነው ሲባል፣ የዚያ ደራሲ እርሱ መሆኑን ገልጾ ስሙ በጨዋታው ውስጥ ይጠቀስለት ዘንድ ለመነ፤ ቬስተርባካም እሺ አለ። ይህን ለልጁ ስነግረው «ገንዘብ አልጠየቀም?» አለኝ። አልጠየቀም።

ንስሩን አልገዛንም። በመርህ ምክንያት ነው ብል ደስ ባለኝ፤ እውነቱ ግን የምንከፍልበት ካርድ አልነበረንም። ስለዚህ የቀረን ሦስተኛው መንገድ ነበር።

ጨዋታው አንድ ደግ ጠባይ አለው። የተወነጨፈው ወፍ የሄደበትን መንገድ በነጭ ነጠብጣብ ምልክት ያደርገዋል፤ ነጠብጣቡም ቀጣዩ ወፍ እስኪወነጨፍ ድረስ ይታያል። ወፉ ሲስት እንግዲህ የሳተበት መንገድ ከፊታችን ይቀራል። ደረጃው ሲታለፍ ግን ወዲያው ነጥቡና ኮከቡ መጥተው መስታወቱን ይሸፍኑታል። ባሸነፍሁበት ምሽት ወፌ በየት በኩል እንደ ሄደ ሳላይ የቀረሁት በከፊል ለዚህ ነው። በከፊል ደግሞ ማየት ስላልፈለግሁ ነው።

ልጁ ግን አይቶ ነበር። «ወደ ላይ ወጥቶ ጠፍቶብን አልነበር?» አለኝ። ከዚያም አሳማውን ለመምታት ሳይሆን መንገዱን ለማየት ብቻ ወፎቹን ሽቅብ ይወነጭፍ ጀመር። በመጀመሪያ ያስተዋለው ላስቲኩ ከተወሰነ ልክ በላይ አለመሳቡን ነው፤ እስከ መጨረሻው ከተሳበ ኃይሉ ሁልጊዜ አንድ ነው፣ የሚለወጠው አቅጣጫው ብቻ ነው። ቀጥሎ ደግሞ ዝቅ ባለ ቅስት የሚደረስበት ስፍራ ከፍ ባለ ቅስትም እንደሚደረስ አየ። እኔ በዚህ ጊዜ ደስታዬን መቆጣጠር አቅቶኝ፣ ጋሊሌዮ እ.ኤ.አ. በ1638 ባሳተመው መጽሐፍ ይህንኑ በሒሳብ እንዳረጋገጠ፣ በተስተካከለ ሜዳ ላይ በ30 ዲግሪና በ60 ዲግሪ የተተኮሱ ነገሮች ከአንድ ስፍራ እንደሚወድቁ አስረዳሁት። ልጁ በጨዋነት አዳምጦኝ ወደ ወንጭፉ ተመለሰ። በዝቅተኛው መንገድ የሚሄድ ወፍ ከድንጋዩ ግንባር ጋር ይጋጫል፤ በከፍተኛው የሚሄድ ግን ከላይ ይገባል። እኔ ለካ ያን ሁሉ ጊዜ ስታገል የነበርሁት በአንደኛው መንገድ ብቻ ነበር።

አንድ ሰዓት ያህል ፈጀበት። «ይቺ አጠረች፤ ይቺ አለፈች» እያለ ነጠብጣቡን በጣቱ ይለካ ነበር። በመጨረሻም ወፉ ወጣ፣ ተሰወረ፣ ወረደ፤ አሳማውም ጠፋ። ሊጮህ ነው ብዬ ጠበቅሁ። እርሱ ግን ደረጃውን እንደ ገና ከመጀመሪያው ከፈተው። «ምነው፣ አልፈኸው የለም እንዴ?» ብለው «በዕድል እንዳይሆን» አለኝ። አሥር ጊዜ ሞክሮ ስድስቱን አገኘ፤ የሳታቸውንም አራቱን ለምን እንደ ሳተ ለእያንዳንዱ ነገረኝ።

ከዚያም ስልኩን አቀበለኝ። «አሁን እርስዎ ይሞክሩ፣ አባ፤ አውራ ጣትዎን ከዚህ ዝቅ አያድርጉ» እያለ ጣቴን ይዞ አሳየኝ። እኔም አሥር ጊዜ ወነጨፍሁና ሁለት ጊዜ አገኘሁ። ልጁ የመጀመሪያዋን አጨበጨበልኝ። ሁለተኛዋን ግን አይቶ ራሱን ነቀነቀና «ይቺኛዋስ የዕድል ናት» አለኝ።